አራት ደቂቃ ዝናብ

ሰኞ 4

ዛሬ ሥራ ጀመርኩ፤ በስልሳ አንድ ዓመቴ። ልጄ በስልክ ስትሰማ «እማ፣ ሰው ጡረታ በሚወጣበት ዕድሜ አንቺ ትቀጠሪያለሽ?» ብላ ሳቀችብኝ። ከግድግዳ ጋር ከማወራ ይሻላል አልኳት።

ቢሮው ሦስተኛ ፎቅ ነው። ሊፍት የለውም። ሁለተኛው ላይ ስደርስ ጉልበቴ ያማርራል።

የቀጠረችኝ ዘጋቢ ፊልም የምትሠራ ሴት ናት፤ የልጄ እኩያ። የእኔ ድርሻ መስማትና መጻፍ ነው። ጆሮ ማዳመጫ አደርጋለሁ፣ የተቀረጸው ሰው ይናገራል፣ የተናገረውን ቃል በቃል እጽፋለሁ፣ በዳሩ ላይ ደቂቃና ሰከንዱን አሰፍራለሁ። ያልተሰማኝ ቦታ ላይ በቅንፍ «አይሰማም» እልና ምክንያቱን እጨምራለሁ፦ ውሻ፣ መኪና፣ ነፋስ። ምስሉን አላይም። ምስሉ ያለው በሚቀጥለው ክፍል፣ አቀናባሪው ዘንድ ነው።

ፊልሙ ስለ ታችኞቹ ነው፤ ከድልድዩ በታች ወንዙ ዳር ስለሚኖሩት ቆዳ አልፊዎች። ታችኞቹ የሚላቸው የላይ ሰው ነው እንጂ እነሱ ራሳቸውን እንዲያ አይሉም። ሽማግሌዎቻቸው ሲያወሩ ይፈጥናሉ፣ የሥራቸውን ቃል ይደባልቁበታል፤ ለላይ ሰው ግማሹ አይገባውም። እኔ የተፈለግኩት ለዚሁ ነው።

«እርስዎ እንዴት አወቁት?» አለችኝ።

«ባለቤቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ መጽሐፍ ጠራዥ ነበር። ቆዳ የሚገዛው ከእነሱ ነበር።»

አንድም ውሸት የለበትም።

ረቡዕ 6

ሰባት ገጽ። ጣቶቼ ደንዝዘዋል።

ዳይሬክተሯ «ማንነት» የሚለውን ቃል በቀን ሃያ ጊዜ ትጠራዋለች። «ሥልጣን» አሥር ጊዜ። «የተገፉ ሰዎች» ደግሞ መቁጠር ትቻለሁ። አቀናባሪው፣ በእጁም በአፉም ስለሚቆርጥ መቀስ ነው የሚሉት፣ ዛሬ «እኔም የተገፋሁ ነኝ፤ ምሳ ሰዓቴ ተገፍቶ ተገፍቶ ዐሥር ሰዓት ገብቷል» አላት። ከልቧ ሳቀች። ደግ ልጅ ናት። ሰውን ዓይን ዓይኑን እያየች ነው የምታዳምጠው። ወደ እኔ ስትዞር እኔ ወደ ኪቦርዱ እዞራለሁ።

አሠራሯ ግን ገርሞኛል። የጻፍኩትን አትማ በመቀስ ትቆራርጠዋለች፤ የአንዱን ንግግር ከሌላው ጎን እያደረገች ግድግዳ ላይ ትለጥፋለች። ፊልሙ መጀመሪያ በወረቀት ነው የሚሠራው። «ወረቀት ላይ ከሌለ የለም ማለት ነው፣ እትዬ። መቶ ሰዓት ቀረጻ እንደገና ቁጭ ብሎ የሚያይ ማን አለ?» አለችኝ።

እኔም ማንበብ የተማርኩት ከወረቀት ቁራጭ ነው። ባለቤቴ የተበላሹ ገጾች ለመጠቅለያ እያለ ያመጣ ነበር። መጀመሪያም መጨረሻም የላቸውም። ከገጽ አርባ እስከ ሃምሳ ስድስት ብቻ የማውቃት አንዲት ሴት አለች፤ ከቤቷ ወጥታ ባቡር ጣቢያ ቆማለች። እስካሁን እዚያው ናት።

ቅዳሜ 9

ልጄ መጣች። ሆዷ ገፍቷል። አማቷም አብራት መጣች፤ ሶፋው ላይ ከመቀመጧ በፊት በእጇ ጠረግ አደረገችው። ንጹሕ ነበር።

ስለ ሥራዬ ነገርኳት። «ደግሞ ብለው ብለው ታችኞቹን በቴሌቪዥን? ሽታቸው በመስኮቱ እንዳይወጣ ብቻ!» አለች።

«ኧረ እማማ!» አለች ልጄ። ግን ሳቀች። እኔም ሳቅኩ። ብርጭቆዎቹን ለማጠብ ተነሳሁ። ሁለት ሁለት ጊዜ አጠብኳቸው።

ሲሄዱ እጄን በሎሚ አሸሁ። የድሮ ልማድ ነው እንጂ ምንም ሽታ የለውም። አርባ ዓመት ሊሞላው ነው፣ ምንም ሽታ የለውም።

ማክሰኞ 12

ቀረጻ ቁጥር ሃያ ሦስት። አሮጊት ሴት። ከመናገሯ በፊት በአፍንጫዋ አየር ትስብና «እንግዲህ» ትላለች።

ማዳመጫውን አወለቅኩ። ሻይ ልቅዳ ብዬ ወጣሁ፣ ሳልቀዳ ተመለስኩ። ውጭ ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድበዋል።

ማዳመጫውን እንደገና አደረግኩት። እስከ መጨረሻው ሰማሁ። ከዚያ ይህን ጻፍኩ፦

(አይሰማም፦ ዝናብ በቆርቆሮ ላይ። ከ14:20 እስከ 18:31)

አራት ደቂቃ ከአሥራ አንድ ሰከንድ።

ረቡዕ 13

ምንም አልሆነም። ወረቀቱን ወሰደች፣ ቆረጠች፣ ለጠፈች። ቅንፍ ትንሽ ነገር ናት፤ ዓይን ዘሏት ያልፋል።

ዝናቡ አላባራ ሲል በመኪናዋ ቤቴ አደረሰችኝ። «ይህ አረንጓዴ በር ሲያምር! እንዲህ ያለ ቀለም አሁን የለም» አለች። ባለቤቴ በየሁለት ዓመቱ ይቀባው ነበር፤ እሱ ከሞተ ወዲህ እኔ እቀባዋለሁ። ከተማው ሁሉ የጠራዡ ቤት የሚለው በዚህ በር ነው።

ግቢና ሻይ ጠጪ ማለት ነበረብኝ። አላልኳትም።

ዓርብ 15

አንድ ነገር ልጻፍ፤ ከሥራው ጋር አይገናኝም።

ልጄን በወለድኩ በሁለተኛው ሳምንት አንዲት ሴት በራችንን አንኳኳች። የታች ሴት ናት። ከፈትኩ። አማቴ ከሳሎን «ማናት?» አለች። «ቆዳ የምትሸጥ ሴት ናት። ውኃ ጠምቷት ነው» አልኩ። ሴትዮዋ ውኃ አልጠየቀችም ነበር። ይህን ስል ግን ሰማችኝ፣ ሁለት መዳፏንም ገጥማ አቀረበች።

ለታች ሰው ብርጭቆ አይሰጥም። መዳፉን ያቀርባል፣ ከላይ ይፈስለታል። ያን ጊዜ ቤቱ ሁሉ እንዲህ ነበር፤ አሁንም ቀርቷል ማለት አይቻልም። ጆጉን አምጥቼ አፈሰስኩላት። በብብቷ ትንሽ ጥቅል ነበረች፤ እንዳትወድቅባት ክንዷን አጥብቃ ጎንበስ ብላ ጠጣች። ቀና ስትል «እግዜር ይስጥልኝ፣ እመቤቴ» አለችኝና ሄደች።

ሰው ሁሉ የሚያደርገውን ነው ያደረግኩት። ውኃ መስጠት ደግሞ ክፉ ነገር አይደለም።

ለምን እንደጻፍኩት አላውቅም።

እሑድ 17

አላነበብኩም። ለእኔ አልበላሁም እንደማለት ነው። አንዱን ገጽ አራት ጊዜ ጀምሬ ተውኩት።

ማክሰኞ 19

መቀስ ጠራኝ።

«እትዬ፣ ቁጥር ሃያ ሦስት ላይ ዝናብ ብለው ጽፈዋል።»

«አዎ።»

«እኔ ጋ እኮ ፀሐይ ነው። ያውም አናት የሚበሳ ፀሐይ። ሴትዮዋ ዓይኗን አጨንቁራ ነው የምታወራው። ድምፁም ጥርት ያለ ነው፤ ያልገባኝ ንግግሩ እንጂ።»

ያን ዕለት ዝናቡ የነበረው እኔ መስኮት ላይ ነው። ምስሉን አለማየቴን ረስቼው ነበር።

«እንግዲህ ጆሮዬ ይሆናል። አርጅቷል» አልኩት።

«ኧረ ይተዉኝ! ባለፈው ሳምንት ከወንዙ ማዶ ያስነጠሰውን ሰውዬ ሳይቀር ጽፈውት የለም?» ብሎ ሳቀ። ከዚያ ፊቴን አየና መሳቁን ተወ። ወንበሩን ለቀቀልኝ፤ «ይዩዋት እስኪ» አለ።

አየኋት። የታችኛው ጥርሶቿ የሉም። ከበሩ ኋላ፣ ከምስማር ላይ አንድ ቆዳ አውርዳ በሁለት እጇ ወደ ፀሐይ ዘረጋችው። ቆዳው አንዲት ቀዳዳ አለችው። ብርሃኑ በቀዳዳዋ ገብቶ ጉንጯ ላይ ያርፋል። ቆዳው ሲነቃነቅ ብርሃኑም ይነቃነቃል።

«አራት ደቂቃ ሙሉ ይዛው ትቆማለች። ምን እያለች እንደሆነ ባወቅን» አለ መቀስ።

«ስለ ቆዳው ይሆናል» አልኩ።

ለዳይሬክተሯ ይነግራታል ብዬ ቀኑን ሙሉ ጠበቅኩ። አልነገራትም። ይህም ከበደኝ።

ሐሙስ 21

«ያቺን ምስል መጣል አልቻልኩም» አለች ዳይሬክተሯ። «ድምፁ ከጠፋ ጠፋ፤ ትረካ እጽፍለታለሁ።» ጻፈችውም። አንድ ታዋቂ ተዋናይት ማክሰኞ ከሰዓት መጥታ ታነበዋለች፣ ከዚያ በኋላ ፊልሙ ይዘጋል፤ የሚነካው የለም።

አነበበችልኝ፦ «ይህ ቆዳ የዚህች ሴት ኩራት ነው። ዓለም ቢንቃትም እሷ በእጇ ሥራ ማንነቷን ታውጃለች።»

«እንዴት ነው፣ እትዬ?»

«ጥሩ ተጽፏል።»

«ከልብዎ?»

«በቦታው ስትቀርጿት ምን እንዳለች አልጠየቃችሁም?»

«አስጎብኚያችንን ጠይቄው ነበር፤ ‹ስለ ቆዳው ነው› ብሎ አለፈው።»

አስጎብኚው የዚያው ሠፈር ሰው ነው። ለምን እንዳፈረ አውቃለሁ። ለእንግዳ የማይነገር ነገር ስለሆነ ነው። እሱም እንደ እኔ በቅንፍ አለፈው።

ዓርብ 22

ሴትዮዋ ስልክ አስደውላለች። ዳይሬክተሯ ግራ ገብቷት መጣች። «‹ያቺን ነገር ሰማችኋት ወይ?› ትላለች። የትኛዋን ነገር ስላት ‹ለእሷ ስል እኮ ነው የተቀረጽኩት› አለችና ዘጋችው። እትዬ፣ ከሌላው ንግግሯ መሀል እንዲህ ያለ ነገር አጋጥሞዎታል?»

አላጋጠመኝም አልኩ።

«መጀመሪያ የምናሳየው እዚያው ሠፈራቸው አዳራሽ ነው። ያላችሁት ሁሉ ይሰማል ብዬ ቃል ገብቼላቸዋለሁ» አለች። ዓይኗ ቀልቷል። ለሦስት ሌሊት አልተኛችም አሉ።

አዳራሹን አውቀዋለሁ። አግዳሚ ወንበሮቹ ጀርባ የላቸውም። እሷ ከፊት ትቀመጣለች፣ ጆሮዋ ከብዶ ከሆነ። ምስሏ ሲመጣ አየሯን ስባ «እንግዲህ» ትላለች፤ ከዚያ አንዲት የማታውቃት ሴት በእሷ አፍ ስለ ኩራት ታወራለች።

ቅዳሜ 23

ምክንያቴን ልጻፈው፣ ቢያንስ ለራሴ።

በሩን ጠርታዋለች። አረንጓዴ በር፣ የጠራዡ ቤት። ያ ከተሰማ የልጄ አማት ዕለቱን ታውቃለች። ልጄ የምትኖረው እሷ ቤት ነው፤ የምትወልደውም እዚያው ነው። ብርጭቆዋን ለይተው ቢያስቀምጡባትስ? ልጁ ሲወለድ ማን ያቅፈዋል?

ለልጄ ብዬ ነው።

ይህንን ዐረፍተ ነገር ብዙ ጊዜ ብዬዋለሁ። ያን ቀንም፣ በሩ ላይ፣ ለልጄ ብዬ ነው ብያለሁ። ዕድሜዋ አሥራ ሁለት ቀን ነበር።

ባለቤቴ ከታች ሲያወጣኝ «ከዛሬ ጀምሮ ከሩቅ አገር የመጣሽ ነሽ» አለኝ። ሳይቆጣ ነው ያለው፣ በፍቅር። ስድስት ዓመት ሆነው ከሞተ። የሩቅ አገር ሰው እንደሆንኩ ቀረሁ፤ አገሬ ከቤቴ በእግር ሃያ አምስት ደቂቃ ነው።

ሰኞ 25

ከሥራ በፊት ልጄ ከምታስተምርበት ትምህርት ቤት ሄድኩ። የእረፍት ሰዓቷን ጠብቄ ግቢው አግዳሚ ላይ አስቀመጥኳት። ነገርኳት። ሁሉንም፣ ሳላቋርጥ። እንዳቋርጥ ፈርቼ ቶሎ ቶሎ ነው ያወራሁት።

ተማሪዎች በአጠገባችን እየሮጡ ያልፋሉ።

«ጥቅሏ ምን ነበር?» አለችኝ።

«የሕፃን ጫማ። ቴፑ ላይ ነው የሰማሁት።»

«ለእኔ?»

«ላንቺ።»

«እና አያቴን በመዳፏ አጠጣሻት።»

አያቴ አለች። እኔ እስካሁን እዚህ ደብተር ላይ እናቴ ብዬ አልጻፍኩም።

«ነገ ልጽፈው ነው፤ በሩም አለበት» አልኳት።

«አማቴ ትሰማለች።»

«ትሰማለች።»

ደወል ተደወለ። ሆዷን ይዛ ተነሳች፤ ደህና ዋይ ሳትለኝ ገባች። እስከ መስኮቱ ድረስ በዓይኔ ሸኘኋት። አልዞረችም።

ማክሰኞ 26

ከሁሉም ቀድሜ ገባሁ። ጉልበቴ ምንም አላለኝም።

ቅንፏን አጠፋሁ። በምትኳ ይህን ጻፍኩ፣ ቃል በቃል፦

«እንግዲህ። ይህ የእኔ አይደለም፤ የታናሽ እህቴ ነው። በአሥራ ሁለት ዓመቷ ብቻዋን ፋቀችው። እኛ ዘንድ ልጅ ብቻዋን የሠራችው የመጀመሪያ ቆዳ አይሸጥም፤ ራሷ እስክትወስደው በር ኋላ ይሰቀላል። ይቺ ቀዳዳ ትታይሻለች? ቢላዋው አምልጧት ነው። ስታለቅስ እናታችን ቀዳዳዋን በጣቷ ደፍና ‹የታለች? እኔ አትታየኝም› አለቻት። እህቴ ወደ ላይ ወጣች፤ አረንጓዴ በር ያለው የጠራዡ ቤት ገባች። አልፈረድኩባትም። መውለዷን ሰማን። እናታችን የሕፃን ጫማ ሰፋች፣ እንደ ከንፈር የለሰለሰ። ይዛ ወጣች። ሲመሽ ጫማዎቹን እንደያዘች ተመለሰች። ‹ቤት አልነበረችም› አለችን። እስክትሞት እንዲሁ ነው ያለችው፤ ቤት አልነበረችም። ነገር ግን እጅጌዋ እስከ ክርኗ ርሶ ነበር። ያን ቀን ዝናብ አልነበረም። በመዳፏ ውኃ ጠጥታ የመጣች ሴት እጅጌ ነው፤ እኛ እናውቀዋለን። አየሁና ዝም አልኩ። አሁን አርጅቻለሁ። በቴሌቪዥን ከሆነ እሷም ታየዋለች ብዬ ነው። ቆዳሽ እዚህ አለ በሏት። ማንም አልነካውም።»

ዳይሬክተሯ ቆማ አነበበችው። ከዚያ ቁጭ ብላ አነበበችው። አረንጓዴው በር ላይ ስትደርስ ጣቷ ቆመ። እኔን አላየችኝም፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ዓይኗን ከሰው መለሰች።

«በሩን ማውጣት እንችላለን፣ እትዬ» አለች ቀስ ብላ። «ያቺን አንዲት ዐረፍተ ነገር ብቻ። መቀስ ይቆርጣታል፤ ማንም አያውቅም።»

ስንት ዓመት ስጠብቀው የኖርኩት ቃል ነው፤ ማንም አያውቅም።

«ቃል በቃል ነው የቀጠርሽኝ» አልኳት።

ተነሳችና ያንን የኩራት ወረቀት ከግድግዳው ላቀቀችው። ለተዋናይቷ ደውላ እንዳትመጣ ነገረቻት። መቀስ ከበሩ ላይ ቆሞ ሲሰማ ነበር። ሻይ አመጣልኝ፤ ስኳር ሦስት አድርጎበት። ሁለት ነው የምጠጣው። ጠጣሁት።

ሐሙስ 28

ልጄ ደወለች። ሁለት ቀን ሙሉ ስልኩን ከእጄ አላወረድኩም ነበር።

«ለባለቤቴ ነግሬዋለሁ» አለች።

«ምን አለ?»

«ዝም አለ። ገና ዝም እንዳለ ነው።» ከዚያ ቆይታ «ጫማዎቹ እስካሁን ካሉ ጠይቂያት» አለችኝ።

«ማንን?»

«እማ፣ በሞቴ!» ብላ ዘጋችው።

ቅዳሜ 30

ድልድዩ ያጠረ መሰለኝ። ወንዙ ሞልቷል። ቆዳ የሚነከርባቸው የኖራ ጉድጓዶች ሽታ ገና ከላይ ሳለሁ ደረሰብኝ፤ አፍንጫዬን አልያዝኩም።

ቤቱ ያው ነው። አንኳኳሁ። ራሷ ከፈተችው። ከእኔ አጥራለች፤ ድሮ ትበልጠኝ ነበር። ብዙ አየችኝ። አየር ሳበች።

«እንግዲህ» አለች።

«እቱ፣ ውኃ ጠምቶኛል» አልኩ።

ገባች። ጆግ ይዛ ወጣች። ብርጭቆ አልያዘችም።

«ብርጭቆ ሞልቶናል» አለችኝ። «አንዴ ግን በዚህ ጠጪ።»

መዳፌን ገጥሜ ጎንበስ አልኩ። አፈሰሰች። ቀስ ብላ ነው ያፈሰሰችው፣ እኔ ለእናቴ ካፈሰስኩት በጣም ቀስ ብላ። ግማሹ አፌ ገባ። ግማሹ በአንጓዬ አልፎ ወደ ክንዴ፣ ከክንዴ ወደ ክርኔ ወረደ። ቀዝቃዛ ነው። ጆጉ እስኪያልቅ ቀና አላልኩም።

«አሁን ግቢ» አለችኝ።

ቆዳው በሩ ኋላ አለ። ጣቴን ቀዳዳዋ ላይ አደረግኩ። እህቴ ሣጥን ከፍታ ጫማዎቹን አወጣች። ሁለቱም በአንድ መዳፍ ይያዛሉ። ስለ ልጄ ነገርኳት፤ ልትወልድ መሆኗን፣ ጠይቂልኝ ማለቷን።

አንዱን ሰጠችኝ። ሌላውን ወደ ሣጥኑ መለሰችው።

«ሌላውን ራሷ ትምጣና ትውሰድ» አለች። «በብርጭቆ ነው የማጠጣት።»

እሑድ 1

ሹራቤን መስኮቱ ላይ ሰቅዬዋለሁ። ዛሬም ዝናብ ነው፤ እውነተኛ ዝናብ። እጅጌው እስከ ክርኑ ድረስ ገና አልደረቀም።